የፊልሙ ባለቤት ማን ነው?

ሜልቪን ቫን ፒብልስ አጫጭር ፊልሞቹን ይዞ የሆሊውድን በር ሲያንኳኳ የቀረበለት ሥራ ሊፍት ማንቀሳቀስ ነበር። ጥቁሩ አሜሪካዊ ፊቱን ወደ ፈረንሳይ አዞረ። እዚያ ደራሲ የራሱን ድርሰት ፊልም ለማድረግ የዳይሬክተርነት ፈቃድ እንደሚያገኝ ሲረዳ፣ በፈረንሳይኛ ልብ ወለድ ጻፈ። የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን የሠራው በዚህ መንገድ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1970 ኮሎምቢያ ፒክቸርስ «ወተርሜሎን ማን»ን አሠራው። የሚቀጥለውን ፊልሙን ግን የሚደፍር ስቱዲዮ አልተገኘም። የራሱን ገንዘብ አፈሰሰ፤ ሲጎድልበት ከቢል ኮዝቢ 50,000 ዶላር ተበደረ። «ስዊት ስዊትባክ»ን ጻፈ፣ ዳይሬክት አደረገ፣ ኤዲት አደረገ፣ ሙዚቃውን ደረሰ፣ መሪ ተዋናይም ሆነ።

ፊልሙ በ1971 ሲከፈት የተቀበሉት ሁለት ሲኒማ ቤቶች ብቻ ነበሩ፤ አንዱ ዲትሮይት፣ ሌላው አትላንታ። ማስታወቂያ የሚከፍልበት ገንዘብ ስላልነበረው የሙዚቃ አልበሙን አስቀድሞ አወጣ። ተመልካቹ ተሰለፈ፤ ገቢው በሚሊዮኖች ተቆጠረ።

ሆሊውድም ነቃ። በጥቁር ጀግኖች ላይ የተሠሩ ፊልሞች በላይ በላዩ መጡ፤ የአብዛኞቹ ትርፍ ግን ወደ ስቱዲዮዎቹ ካዝና ገባ። ጀግናውን ወሰዱ፣ ባለቤትነቱን ተዉት።

ኃይሌ ገሪማም ያንኑ ግድግዳ ገጭቷል። በ1993 የወጣውን «ሳንኮፋ»ን የአሜሪካ አከፋፋዮች ሲገፉት፣ ሲኒማ ቤት እየተከራየ ከከተማ ከተማ አሳየ።

ጽፎ፣ መርቶ፣ ተውኖ መገኘት ያስመሰግናል። ነጻነት የሚለካው ግን የፊልሙ መብት በማን እጅ እንደቀረ ነው።