ተስፋዬ ሣህሉ

ተስፋዬ ሣህሉ (ሰኔ 20 ቀን 1915 – ሐምሌ 24 ቀን 2009 ዓ.ም.)፣ በሕዝብ ዘንድ በሰፊው በሚታወቁበት ስም አባባ ተስፋዬ፣ ኢትዮጵያዊ የመድረክ ተዋናይ፣ ሙዚቀኛና የቴሌቪዥን ተረት ተራኪ ነበሩ። በዘመናዊው የኢትዮጵያ ቴአትር ጀማሪዎች ተርታ የሚቆጠሩ ሲሆን፣ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን የልጆችን ዝግጅት ከ40 ዓመት በላይ አቅርበዋል።

የልጅነት ሕይወት

የተወለዱት በባሌ ከዱ በሚባል ሥፍራ ነው። በጣልያን ወረራ ዘመን ወላጆቻቸውን ያጡ ሲሆን፣ በኋላ ወደ አዲስ አበባ መጥተው ኑሯቸውን በዚያው አደረጉ።

በመድረክ

ተስፋዬ ትወና የጀመሩት ከነጻነት በኋላ በአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት ሥር በተቋቋመው የቴአትር ክፍል ነው። በዚያን ጊዜ ሴት ልጅ መድረክ ላይ ወጥታ መጫወቷ እንደ ነውር ይታይ ስለነበር፣ የሴት ገጸ ባሕርያትን የሚጫወቱት ወንዶች ነበሩ። ተስፋዬም የሴት ልብስ ለብሰው፣ ድምፃቸውን አቅጥነውና አረማመዳቸውን ለውጠው የሴቶችን ቦታ ይጫወቱ ነበር። እንደ አስናቀች ወርቁ ያሉ ሴት ተዋንያን ነቀፌታውን ችለው መድረክ ላይ ከወጡ በኋላ ይህ ልማድ እየቀረ ሄደ።

ኢትዮጵያ የቃኘው ሻለቃ ጦርን ወደ ኮሪያ በላከች ጊዜ ተስፋዬ አብረው ዘምተው ወታደሮችን በሙዚቃና በቀልድ ያዝናኑ ነበር።

የንጉሠ ነገሥቱ ዘውድ 25ኛ ዓመት በተከበረበት በ1948 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር በመኮንን እንዳልካቸው «ዳዊትና ኦርዮን» ተውኔት ተከፈተ። የማዘጋጃ ቤቱ ተዋንያንም ወደዚሁ ቤት ተዛወሩ። ከ1966ቱ አብዮት በኋላ ብሔራዊ ቴአትር የተባለው ይህ ቤት የጸጋዬ ገብረ መድኅንን ተውኔቶችና ከሼክስፒር የተረጎሟቸውን ሥራዎች ጭምር ያሳየ ሲሆን፣ ተስፋዬ ለረጅም ዓመታት በተዋናይነት ያገለገሉት በዚሁ ነው።

በቴሌቪዥን

የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራውን የጀመረው በ1957 ዓ.ም. ሲሆን፣ ተስፋዬም የልጆችን ክፍለ ጊዜ ማቅረብ የጀመሩት በዚያው ዓመት ነው። ልጆችን «የዛሬ አበባዎች፣ የነገ ፍሬዎች» እያሉ ይጠሯቸው ነበር። አባባ የሚለው መጠሪያም የጸናው በዚህ ዝግጅት ነው።

የሚተርኳቸው ታሪኮች በአብዛኛው የአገር ቤት ተረቶች ነበሩ። ተረት በልማዱ ምሽት ላይ ምድጃ ዳር የሚነገር ነው፤ ተራኪው «ተረት ተረት» ሲል ልጆቹ «የላም በረት» ብለው ይቀበላሉ። አባባ ተስፋዬ ይህንኑ የቃል ጥበብ ወደ ስቱዲዮ አመጡት። አንበሳውን፣ ቀበሮውንና ጅቡን በየድምፃቸውና በየጠባያቸው እየለዩ ያቀርቡ ስለነበር፣ የመድረክ ትወና ልምዳቸው በተረቱ ውስጥ በግልጽ ይታያል። በትረካው መጨረሻ ላይም ምክር አይጠፋም፤ ታላቅን ማክበር፣ ትምህርትን መውደድና እውነት መናገር ተደጋግመው የሚነሱ ነበሩ።

በአገሪቱ ለአሥርት ዓመታት አንድ የቴሌቪዥን ጣቢያ ብቻ ስለነበር ዝግጅቱን የተለያዩ ትውልዶች በጋራ ያውቁታል። ቴሌቪዥን ያለው ቤት ጥቂት በነበረበት ዘመን የጎረቤት ልጆች በአንድ ቤት ተሰብስበው ይከታተሉት ነበር። ተረቱ ቀድሞ ከአያት ወደ ልጅ ልጅ ይተላለፍ የነበረ ሲሆን፣ በዚህ ዝግጅት ግን አያቶቻቸው በቅርብ ለሌሉ የከተማ ልጆችም ደረሰ። ዝግጅቱን እስከ 1998 ዓ.ም. ያቀረቡ ሲሆን፣ የልጆች ተረት መጻሕፍትም አሳትመዋል።

ኅልፈት

አባባ ተስፋዬ ሐምሌ 24 ቀን 2009 ዓ.ም. በ94 ዓመታቸው ዐረፉ። የሥራ ዘመናቸው ወንዶች ሴት ሆነው ከሚጫወቱበት መድረክ አንሥቶ እስከ ቴሌቪዥን የሚዘልቅ በመሆኑ፣ ለኢትዮጵያ ዘመናዊ የትወና ታሪክ እንደ መነሻ የሚጠቀስ ነው።