ከሰጠመች መርከብ የወጣ የሙዚቃ መሣሪያ

የዕድራችንን ጡሩምባ የለመደ ጆሮ፣ የትንፋሽ መሣሪያ ሁሉ ጮኾ የሚጠራ ይመስለዋል። ከአምስት መቶ ዓመት ገደማ በፊት በእንግሊዝ አገር ይነፋ የነበረው ሾም የሚሉት የእንጨት መሣሪያ እውነትም እንዲያ ነበር፤ የአደባባይ ነው። ዛሬ ኦቦ የሚባለው ከሱ ነው የመጣው። አነፋፉ እንደ ዋሽንት አይደለም። ከሸምበቆ የተላጉ ሁለት ስስ ምላሶች ተጋጥመው ይታሰራሉ፤ ትንፋሽ በመካከላቸው ሲያልፍ እየተርገበገቡ ድምፅ ይሰጣሉ።

ይህ ጯሂ ሾም ዱሴን የሚባል ጸጥተኛ ዘመድ ነበረው። የሾም ውስጡ ወደ ታች እየሰፋ ይሄዳል፤ የዱሴን ግን ከላይ እስከ ታች እኩል ስለሆነ ድምፁ ለስለስና ወፈር ይላል። ለብዙ ዘመን ስሙ በጽሑፍ ቀርቶ አካሉ ጠፍቶ ኖረ።

የተገኘው ከመቃብር ነው ቢባል ይቀላል። ሜሪ ሮዝ የምትባለው የንጉሥ ሄንሪ 8ኛ የጦር መርከብ፣ ጁላይ 19 ቀን 1545 እ.ኤ.አ. ከፈረንሳዮች ጋር ስትዋጋ በፖርትስመዝ አጠገብ ሰጠመች። መርከቧ ስታዘነብል ውሃው በመድፍ መስኮቶቿ ገባ። ጠላት እንዳይዘልባት ከላይ የተዘረጋው መረብ የገዛ ሰዎቿን ይዞ አስቀረ። 500 ከሚሆኑት የተረፉት 40 አይሞሉም። ጭቃው ግን የዋጠውን ጠበቀ። ጠላቂዎች ቆፍረው ካወጧቸው በሺህ የሚቆጠሩ ዕቃዎች መካከል አንዱ ዱሴን ሆነ፤ መርከቧም ራሷ በ1982 ተነሣች።

ከዚያ በኋላ የእጅ ባለሙያዎች ልኩን ወስደው አምሳያውን ሠሩ። እንጨቱን መለካት ግን ግማሽ ሥራ ነው። የሸምበቆዋ ምላስ ጥቂት ብትወፍር ወይም ብትሰፋ ቃናው ሌላ ይሆናል፤ ስለዚህ እየቀረጹ፣ እየነፉ፣ ያልሆነውን እየጣሉ ነው የሚደረስበት። በኛ አስተያየት የሟቹን ነፊ ድምፅ ሰማን ማለት ድፍረት ነው። የእንጨቱን ጠባይ ግን ያሰማል፤ ይህም ከባዶ ስም ይሻላል።

ከመርከቧ የተገኘው አጽም ቢያንስ የ179 ሰዎች ነው። ያለ ቀባሪ መቅረት ምን እንደሆነ ለዕድርተኛ አይነገርም። ከነዚያ አንዱ፣ ስሙ ሳይታወቅ፣ በሞተ በ439 ዓመቱ፣ በ1984 እ.ኤ.አ. በፖርትስመዝ ካቴድራል በሥርዓት ተቀብሯል።