ዕጣን የሚሰማባት ደሴት

በ720 ተጽፎ በተጠናቀቀው «ኒሆን ሾኪ» በተሰኘው ጥንታዊ የጃፓን ዜና መዋዕል ውስጥ አንዲት አጭር ወሬ ትገኛለች (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ንግሥት ሱይኮ በነገሡ በሦስተኛው ዓመት፣ በ595፣ አንድ ግንድ በባሕር ተንሳፍፎ አዋጂ ከምትባል ደሴት ዳርቻ ደረሰ። ደሴተኞቹ ምንነቱን አላወቁምና እንደ ማንኛውም ማገዶ ከምድጃቸው ጨመሩት። ጭሱ ግን ዓይን የሚያስለቅስ ጭስ አልነበረም፤ መዓዛው ርቆ ሄደ። በነገሩ ተደንቀው የተረፈውን ለቤተ መንግሥት አበረከቱ።

ግንዱ በጃፓን የማይበቅል፣ ከሩቅ የደቡብ ምሥራቅ እስያ ደን የመጣ እንጨት ነበር። ዛፉ ሲቆስልና ቁስሉ ሻጋታ ሲይዘው፣ ራሱን ለመከላከል በውስጡ ጥቁር ሙጫ ያቋጥራል፤ ሽታው ያለው በዚያ ሙጫ ነው። ከዐረብ አገር የተመለሱ እኅቶቻችን «ዑድ» ብለው የሚያውቁት እርሱን ነው። ጃፓኖች «ጂንኮ» ይሉታል፤ «ሰጣሚ ሽታ» ማለት ነው፣ ሙጫው የበዛለት እንጨት ከውኃ ውስጥ ይሰምጣልና። ሰጣሚ የተባለው እንጨት ተንሳፍፎ መምጣቱ ፈገግ ያሰኛል፤ ይሁን እንጂ የዜና መዋዕሉን ጸሐፊ አላሳሰበውም፣ እኛንም አያሳስበን። በደሴቲቱ ምዕራባዊ ዳርቻ «ካሬኪ»፣ ማለትም «ደረቅ እንጨት»፣ የሚባል መቅደስ ዛሬም ቆሞ ያን ግንድ ያስታውሳል።

ዕጣን በጃፓን ሥር የሰደደው በዚያው በስድስተኛው መቶ ዓመት ከገባው የቡድሃ ሃይማኖት ጋር ነው። ቀጥሎ የሚነሣው ስም የቻይናዊው መነኩሴ የጋንጂን ነው። ወደ ጃፓን ለመሻገር አምስት ጊዜ ሞክረው አምስት ጊዜ አልሆነላቸውም፤ በመካከሉ ዓይናቸው ጠፋ። በ753 በስድስተኛው ሙከራ ሲደርሱ ዐይነ ስውር ነበሩ። ከቀደሙት ሙከራዎቻቸው በአንዱ የተጫነው ዕቃ ዝርዝር የሽቱ ቅመሞችን ይጨምራል፤ ቅመምን ከቅመም የማዋሐድን ጥበብ ያስተማሩ እርሳቸው ናቸው ሲል ትውፊቱ ይናገራል። ብርሃን የተነፈገ ሰው ለአንድ ሕዝብ አፍንጫውን አሠለጠነለት ብል የባለቅኔ ማጋነን ይሆንብኛል፤ ግን ከዚያ ብዙም አይርቅም።

በሄይያን ዘመን ይህ ጥበብ ከቤተ መቅደስ ወጥቶ ወደ መኳንንቱ ጓዳ ገባ። የተፈጨ ዑድ፣ ሰንደል፣ ቅርንፉድ፣ የባሕር ቀንድ አውጣ ሽፋንና ምስክ በማር ይለወስና እንክብል ሆኖ ከመሬት ይቀበራል፤ እንደ ጠላ ጥንስስ ጊዜውን ጠብቆ ይበስላል። ልብሳቸውን በማጤሻ ላይ ዘርግተው ያጥኑ ነበር፤ ይህ ለእኛ አገር እናቶች ምኑም እንግዳ አይደለም። በአሥራ አንደኛው መቶ ዓመት መባቻ ሙራሳኪ ሺኪቡ በጻፈችው «የገንጂ ታሪክ» ውስጥ አንድ ሙሉ ምዕራፍ የዕጣን ውድድር ነው። ልዑላንና እመቤቶች የየራሳቸውን ቅመም በምስጢር ያዘጋጃሉ፤ ዳኛው የማን እንደሚበልጥ ለመለየት ይቸገራል። እዚህ ላይ አንባቢ አንድ ነገር እንዲይዝልኝ እፈልጋለሁ። በዚያን ዘመን የሚያጤሰውና የሚቀምመው ሰው አንድ ነበር። ሽታው የባለቤቱ ፊርማ ነበር።

ጦረኞቹ ሥልጣን ሲይዙ ተዋሕዶ የተሠራው ዕጣን ቀርቶ ብቸኛው እንጨት ከበረ። በናራ ከተማ ሾሶኢን በተባለው ጥንታዊ ግምጃ ቤት «ራንጃታይ» የሚሉት የዑድ ግንድ አለ፤ ርዝመቱ 156 ሴንቲ ሜትር፣ ክብደቱ 11.6 ኪሎ ግራም ነው። አሺካጋ ዮሺማሳ በ1465፣ ኦዳ ኖቡናጋ በ1574፣ ንጉሠ ነገሥት ሜይጂ በ1877 ከእርሱ ቆርሰዋል። በየተቆረሰበት ቦታ የቆራሹን ማንነት የሚገልጽ ወረቀት ተለጥፏል። የባንክ ሠራተኛ ነኝና ያንን ግንድ በፎቶግራፍ ባየሁ ቁጥር ወጪ ብቻ የተመዘገበበት፣ ገቢ የሌለው የቁጠባ ደብተር ይመስለኛል። ኖቡናጋን የሚያህል ጨካኝ የጦር አለቃ ሥልጣኑን ለማሳየት የፈለገው ጥቂት እንጨት በመቁረስ መሆኑም ያስገርማል።

«ኮዶ» ወይም የዕጣን ሥርዓት የተባለው ጥበብ መልክ የያዘው በዚሁ በዮሺማሳ ዘመን ነው። እንጨቱ አይነድም። ፍም በአመድ ውስጥ ይቀበራል፤ በአመዱ ጫፍ ላይ ስስ የሚካ ሰሌዳ ይቀመጣል፤ በሰሌዳው ላይ ደግሞ የጥፍር ቁራጭ የምታህል ስንጣሪ። ሙቀቱ ብቻ ሽታዋን ያወጣዋል፣ ጭስ የለም። እንግዳው ጽዋውን በግራ መዳፉ ይዞ በቀኙ ይጋርደውና ወደ ውስጥ ይስባል። ይህን «ማሽተት» አይሉትም፤ «ዕጣን መስማት» ይሉታል። የውጭ ሰዎች በዚህ አባባል ብዙ ሲራቀቁ አንብቤአለሁ። ብርድም፣ ረኀብም፣ ሐዘንም «ተሰማኝ» ለሚል አማርኛ ተናጋሪ ግን ማብራሪያ የሚያሻው አይመስለኝም።

ከዚህ ሁሉ ውስጥ ተራው ሰው አልነበረም። እርሱን ያስገባው ቀጭኑ ዘንግ ነው፤ እኛ በየሱቁ ገዝተን «ሰንደል» የምንለው። አሠራሩ በአሥራ ስድስተኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ገደማ ከቻይና መጥቶ ሳካይ በተባለችው የወደብ ከተማ ተስፋፋ። ዘንጉ ለሙታን መታሰቢያ ነደደ፤ ሰዓትም ሆነ። በጌይሻዎች ቤት ክፍያ የሚታሰበው በነደዱት ዘንጎች ቁጥር ነበር።

በ1850 ታናካ ታትሱዞ የሚባል ሰው ይህን ሙያ ከሳካይ ወደ አዋጂ ደሴት፣ ኤይ ወደተባለች የወደብ መንደር አመጣው። ምክንያቱ ቅኔ አልነበረም፣ ችግር ነበር። በክረምት ከምዕራብ የሚነሣው ብርቱ ነፋስ ጀልባዎችን ከወደብ ያግዳል፤ ቤተሰብ ሥራ ፈትቶ ይቀመጣል። ያው ነፋስ ግን ርጥብ ዕጣን ለማድረቅ የተመቸ ሆነ። የማድረቂያ ቤቶቹ ግድግዳ የሚከፈትና የሚዘጋ ፍርግርግ ነው፤ ሠራተኛው የነፋሱን አመጣጥ እያየ ይከፍታል፣ ይዘጋል። ጀልባ ያሰረው ነፋስ እንጀራ ሆነ። ዛሬ ከጃፓን ዕጣን 70 በመቶ ያህሉ ከዚህች ደሴት ይወጣል፤ በ2001 የአገሪቱ የአካባቢ ሚኒስቴር መቶ መዓዛ ያላቸውን ስፍራዎች ሲመርጥ ኤይ አንዷ ሆነች።

በጥር 1995 ከስድስት ሺህ በላይ ሰው የገደለው የመሬት መንቀጥቀጥ የተነሣው ከዚህችው ደሴት ሰሜናዊ ጫፍ አጠገብ ነው። ደሴቲቱን ከኮቤ ጎን ጋር የሚያገናኘው የአካሺ ድልድይ በዚያን ጊዜ በመሠራት ላይ ነበር፤ ምሰሶዎቹ አልወደቁም፣ ግን በመካከላቸው ያለው ርቀት በአንድ ሜትር ገደማ ሰፋ። ድልድዩ በ1998 ተከፈተ፤ መንገደኛውም በመኪና መጣ።

ለመንገደኛ የተዘጋጀው የዕጣን መሥሪያ ገበታ ቀላል ነው። ታቡ የሚባል ዛፍ ቅርፊት ዱቄት ይቀርባል፤ ውኃ ሲነካው እንደ ሙጫ ይይዛል። አጠገቡ ሰንደል፣ ቀረፋ፣ ቅርንፉድ፣ ካፉር በየሳህኑ። እንግዳው በአፍንጫው እየመረጠ በትንንሽ ማንኪያ ይለካል፣ ሞቅ ያለ ውኃ ጠብ እያደረገ ያሻል። «እንደ ጆሮ ጫፍ እስኪለሰልስ» ይሉታል። ከዚያ በቅርጽ ማውጫ ይጫናል ወይም በመዳፍ ይድቦለቦላል። በፋብሪካው በኩል ያው ሊጥ በመግፊያ እንደ ፓስታ እየቀጠነ ይወጣል፣ በሰሌዳ ላይ ይደረደራል፣ ይቆረጣል።

ይህን «ለቱሪስት የተፈጠረ ጨዋታ» ብሎ የሚንቅ ይኖራል። እኔ አልስማማም። የሚያጤሰውን ከሚቀምመው የለየው ፋብሪካው ነው፤ አንድ ከሩቅ የመጣ ሰው እጁን አቡክቶ የራሱን ሽታ ሲመርጥ የሙራሳኪን ልዑላን ሥራ እየሠራ ነው። ልዩነቱ የእነርሱ ቅመም መሬት ውስጥ እስኪበስል መታገሣቸው ነው።

እኔን የሚያሳስበኝ ከሳህኖቹ ሊጎድል የሚችለው ነው። የዑድ ዛፍ ዝርያዎች ሁሉ ንግዳቸው በፈቃድ ብቻ እንዲሆን በ2004 ዓለም አቀፍ ስምምነት ተወስኗል፤ ደኑ ተመንጥሯልና። ሌላም አለ። በጃፓን ቅመም ውስጥ ነጭ ሆኖ ስለሚፈስ «የወተት ሽታ» የሚሉት አንድ ሙጫ ይገባል። ይህ የእኛው ነጭ ዕጣን ወገን ነው፤ ከአፍሪካ ቀንድና ከደቡብ ዐረቢያ ተነሥቶ ከጥንት ጀምሮ በመርከብ ቻይና ይደርስ የነበረው። በመተማና በትግራይ ቆላ የሚበቅለውን ዛፍ የመረመረ በ2019 የወጣ ጥናት፣ በእሳት፣ በከብት ግጦሽና ከልክ ባለፈ መወጋት ምክንያት ችግኝ እያደገ አለመሆኑን፣ በሃያ ዓመት ውስጥም ምርቱ በግማሽ ሊቀንስ እንደሚችል አስታውቋል። ሽማግሌ ዛፎች ብቻ የቀሩበት ደን፣ ልክ እንደ ራንጃታይ፣ ወጪ እንጂ ገቢ የለውም።

የአዋጂ መንገደኛ ሥራውን ሲጨርስ ያበጀው ዕጣን ገና ርጥብ ነው፤ ያን ዕለት አይነድም። በወረቀት ጠቅልለው ይሰጡትና ከፀሐይ ርቆ፣ ነፋስ በሚያገኘው ጥላ ውስጥ ለብዙ ቀናት እንዲያደርቀው ይነግሩታል። በየትኛው አገር፣ በየትኛው ነፋስ እንደሚደርቅ የመንገደኛው ጉዳይ ነው።