ሥጋ ከራቀው ገበታ የተነሣ ቅቤ

በ19ኛው ክፍለ ዘመን ማብቂያ፣ በአሜሪካ ሚሺጋን ግዛት ባትል ክሪክ ከተማ፣ ስሙ ከዳር እስከ ዳር የተሰማ ሳኒታሪየም (የጤና ማገገሚያ) ነበር። ያቋቋሙት የሰባተኛ ቀን አድቬንቲስት ምእመናን ናቸው። ኃላፊው ዶክተር ጆን ሃርቪ ኬሎግ ሥጋን፣ ቡናንና ትምባሆን አጥብቆ የሚቃወም ሰው ነበር። ሥጋ የተከለከለ ታማሚ ታዲያ በምን ይጠገን? ኬሎግ ለውዝ አድቅቆ ዳቦ ላይ የሚቀባ ምግብ አወጣና እ.ኤ.አ. በ1895 የፈጠራ መብት ጠየቀበት።

የመጀመሪያው ሰው ግን እሱ አልነበረም። የሞንትሪያሉ ማርሴለስ ኤድሰን የተቆላ ለውዝ ፈጭቶ ለጣፋጭ ሥራ በማዘጋጀት በ1884 ቀድሞታል። ብዙ ሰው የለውዝ ቅቤ ፈጣሪ የሚለው ጆርጅ ዋሽንግተን ካርቨርም ለውዝን በ105 መንገድ ማዘጋጀት የሚያስተምር ጽሑፉን ያወጣው ዘግይቶ በ1916 ነው። ታላቅ የለውዝ ጠበቃ ነበር፤ ፈጣሪነቱ ግን ያልሠራበት ዝና ነው።

ኬሎግ ለውዙን የሚቀቅለው እንጂ የሚቆላው አልነበረም። ያልተቆላ ለውዝ የቀመሰ ሰው የዚያን ቅቤ ጣዕም መገመት አያቅተውም። ምግቡን ከሳኒታሪየሙ አውጥተው ቤት ያስገቡት ጆሴፍ ላምበርትና ባለቤቱ አልሚዳ ናቸው። በሳኒታሪየሙ ይሠራ የነበረው ባል በእጅ የሚዘወሩ ትንንሽ ወፍጮዎች መሸጥ ጀመረ፤ ሚስት ደግሞ በ1899 ስለ ለውዝና መሰሎቹ አዘገጃጀት የምግብ መጽሐፍ አሳተመች። የቤት እመቤቷ በፈለገችው ቀን፣ ለዚያ ቀን የሚበቃትን ያህል መፍጨት ቻለች።

ነጋዴው ግን ይህን አልታደለም። ለውዝ ግማሽ ያህሉ ዘይት ነው፤ ተፈጭቶ ሲቀመጥ ዘይቱ ይንሳፈፋል፣ ከርሞም ይበላሻል። መፍትሔው የመጣው በ1920ዎቹ መጀመሪያ ከካሊፎርኒያ ነው። ጆሴፍ ሮዝፊልድ የዘይቱን የተወሰነ ክፍል በሃይድሮጅን አርግቶ ከቅቤው እንዳይለይ አደረገ። ጣሳው መደርደሪያ ላይ ወራት መክረም ቻለ፤ ፋብሪካውም የእጅ ወፍጮውን ከቤት አስወጣ። ከዚያ በኋላ ስኳሩና ሌላው ዘይት እየበዛ ሄደ። የአሜሪካ መንግሥት በ1959 «የለውዝ ቅቤ ስንት እጅ ለውዝ ይሁን?» ብሎ ያነሣው ጥያቄ ከአምራቾች ጋር አሥራ ሁለት ዓመት አከራከረ፤ ቢያንስ 90 በመቶ ይሁን ተብሎ የተቋጨው በ1971 ነው። ቤቱ ለሚፈጭ ሰው ይህ ሁሉ ሙግት አስቂኝ ነው።

በኢትዮጵያም ይህ ቅቤ ወዳጅ ያገኘው ሥጋና ወተት በራቀበት ገበታ ላይ ነው። ኦርቶዶክሳዊው በዓመት ከ200 በላይ ቀን ይጾማል። ተልባ፣ ሱፍና ኑግ የቆዩ የጾም ባለውለታዎች ስለሆኑ ቅባት ያለውን ፍሬ ቆልቶ መውቀጥ ለባለሙያ ሴት እንግዳ ነገር አይደለም። ለውዙም ከሩቅ አይመጣም፤ ባቢሌና አካባቢዋ በምሥራቅ ሐረርጌ የታወቁበት ምርት ነው።

ለውዙ ተለቅሞ በምጣድ በለዘብተኛ እሳት ይቆላል፣ ሲበርድ በእጅ ታሽቶ ገለባው በሰፌድ ይበጠራል። ብሌንደር ውስጥ መጀመሪያ ዱቄት ይሆናል፤ ከዚያ ግድግዳው ላይ ተለጥፎ አልንቀሳቀስ ይላል። ትዕግሥት ያጣ ሰው ውኃ ጠብ የሚያደርገው እዚህ ላይ ነው፤ ውኃው ግን ይባሱን ያደርቀዋል። ጠርዙን በማንኪያ እየጠረጉ ትንሽ ከታገሡት የራሱ ዘይት ወጥቶ ይላላል። ከዚያ ዳቦ ላይ መቀባት፣ ወይም በፈላ ውኃና በስኳር በጥብጦ የለውዝ ሻይ መጠጣት የባለቤቱ ምርጫ ነው።

ለቀማው ግን ለይምሰል አይደለም። በ1960 በእንግሊዝ ከ100 ሺህ የሚበልጡ ተርኪዎች የሻገተ የለውዝ ፋጉሎ በልተው ከሞቱ በኋላ አፍላቶክሲን የሚባለው የሻጋታ መርዝ ታወቀ። ተመራማሪዎች በምሥራቅ ኢትዮጵያ ለውዝ ላይም አግኝተውታል። መቁላት ይቀንሰዋል እንጂ ሙሉ በሙሉ አያጠፋውም፤ ስለዚህ የተጨማደደው፣ የጠቆረውና የሻገተው ፍሬ ምጣዱ ከመጣዱ በፊት ተለቅሞ ይጣላል።