ካሳው ሲያንስ ወዴት ይጮኻል?

ከደመወዛችን እየቀነስን የላክነው ገንዘብ አብዛኛው አገር ቤት መሬት ላይ ነው ያለው። አንዷ ለእናቷ ቤት ሠርታበታለች፣ ሌላው ባሕር ዛፍ አስተክሎበታል። አንድ ቀን በኢሞ ተደውሎ «መንገድ ሊያልፍበት ነው፣ ካሳ ይከፈላችኋል ተብለናል» ቢሏችሁ፣ ካሳውም ቢያንስ፣ ማን ዘንድ ነው የሚኬደው? ቀበሌ ነው? ወረዳ ነው? ፍርድ ቤት ነው? መልሱ መንግሥት በተለወጠ ቁጥር ሲለወጥ ኖሯል። እስቲ ታሪኩን አብረን እንየው። ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ በእኛ አቆጣጠር ነው።

በንጉሡ ዘመን በ1948 የተሻሻለው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 44 የማንም ሰው ንብረት ያለ ተገቢ ካሳ እንዳይወሰድ ይደነግግ ነበር። በካሳው መስማማት ካልተቻለ ደግሞ የሚወሰነው በፍርድ ሥርዓት ነው ይል ነበር። በ1952 የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግም ከአንቀጽ 1460 ጀምሮ ዝርዝሩን አስቀመጠ፤ ካሳውን የሚገምት ኮሚቴ ይቋቋማል፣ በግምቱ ቅር የተሰኘ ለፍርድ ቤት ይግባኝ ይላል። ወረቀቱ ላይ ሲታይ ጥሩ ነበር። ግን በሩ የተከፈተው ለባለ ርስቱ ነው። በሰው መሬት ላይ የሚያርሰው ጭሰኛ መሬቱ የእሱ አልነበረምና የመሬቱን ካሳ ከየት አምጥቶ ይጠይቃል?

ከዚያ 1967 መጣ። የካቲት 25 የገጠሩ መሬት፣ ሐምሌ 19 ደግሞ የከተማው ቦታና ትርፍ ቤት ተወረሰ። ጭሰኝነት ቀረ፤ ይህ ለብዙ ወላጆቻችን ትልቅ ነገር ነበር። ነገር ግን ለመሬቱ ለራሱ ካሳ የሚባል ነገር አብሮ ቀረ። የገጠር መሬት ክርክርም ከመደበኛው ፍርድ ቤት ወጥቶ ወደ ገበሬ ማኅበር ፍርድ ሸንጎ ሄደ።

የ1987ቱ ሕገ መንግሥት መሬቱን የመንግሥትና የሕዝብ እንደሆነ አቆየው። ሆኖም በአንቀጽ 40 ንዑስ አንቀጽ 8 መንግሥት የግል ንብረትን ለሕዝብ ጥቅም ሲወስድ ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ እንዲከፍል አዘዘ። እዚህ ላይ ልብ በሉ፤ ንብረት ማለት ቤቱ፣ አጥሩ፣ ዛፉ፣ ሰብሉ ነው፤ አፈሩ አይደለም። «ቦታው በገበያ ይህን ያህል ያወጣል» ብሎ መከራከር ብዙም የማያስኬደው ለዚህ ነው።

በ1997 የወጣው አዋጅ ቁጥር 455 መንገዱን ለሁለት ከፈለው። በገጠር፣ እንዲሁም አቤቱታ ሰሚ አካል ባልተቋቋመበት ከተማ፣ የካሳ ቅሬታ በቀጥታ ለመደበኛ ፍርድ ቤት ይቀርባል። ሰሚ አካል ባለበት ከተማ ግን መጀመሪያ እዚያ፣ ከዚያ በ30 ቀን ውስጥ በይግባኝ ፍርድ ቤት። ይግባኙም የሚታየው ቦታውን ማስረከባችሁን የሚያሳይ ማስረጃ ሲቀርብ ነው። በግልጽ አማርኛ፣ መጀመሪያ ልቀቅ፣ ከዚያ ተከራከር ማለት ነው። ክርክሩም «ስንት ይከፈለኝ?» የሚል እንጂ «ለምን ይወሰድብኛል?» የሚል አልነበረም።

ከዚያ በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ነገሩ እንደገና ተለወጠ። አሁን የመልቀቂያ ትእዛዝ የደረሰው ወይም በንብረቱ ላይ መብት አለኝ የሚል ሰው በ30 ቀን ውስጥ ለአቤቱታ ሰሚው አካል ያመለክታል። በውሳኔው ካልረካ በ30 ቀን ውስጥ ለይግባኝ ሰሚ ጉባኤ ይሄዳል። ፍርድ ቤት የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው። በቋሚነት ለሚነሳ፣ ምትክ መሬት ላላገኘ ገበሬ የሚታሰበው ካሳም ከዓመት ገቢው 10 እጥፍ ወደ 15 እጥፍ ከፍ ብሏል። ጥቅሙ ይህ ነው። ጉዳቱ ደግሞ ገበሬው በቀጥታ ዳኛ ፊት መቆሙ ቀርቶ ሁለት ደጅ መጥናት ግድ ሆነበት። አዋጁ በ2016 ተሻሽሏል፤ ስለዚህ ጉዳይ ሲገጥማችሁ ማሻሻያውንም ጨምሮ የሚያውቅ ጠበቃ ጠይቁ።

እንግዲህ ከታሪኩ ለእኛ የሚቀረን ምንድን ነው? በድሮው ዘመን «በሕግ አምላክ» ብሎ የጮኸ ይደመጥ ነበር ይባላል። ዛሬ የሚደመጠው በቀኑ የጮኸ ነው። ያ 30 ቀን የሚቆጠረው ደብዳቤው እዚያ ከደረሰበት ቀን እንጂ እናንተ እዚህ ከሰማችሁበት ቀን አይደለም። ቤተሰብ «ልጅቷን አናስጨንቃት» ብሎ ወር ቢደብቅ፣ በሩ እኛ ሳንሰማ ይዘጋል።

ስለዚህ ሦስት ነገር። አንደኛ፣ ይዞታው በማን ስም ነው? ቤቱን የሠራው የእናንተ ገንዘብ ቢሆንም ደብተሩ በወንድም ስም ከሆነ ካሳውም መጀመሪያ የሚጠራው እሱን ነው። የላካችሁበትን ደረሰኝ አትጣሉ። ሁለተኛ፣ ውክልናችሁን አውጥታችሁ አንብቡት። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2205 መሠረት ጠቅላላ ውክልና ለማስተዳደር እንጂ ለመክሰስ፣ ለመከራከርና ለመታረቅ አይበቃም፤ ይህ በልዩ ውክልና ተለይቶ መጻፍ አለበት። ኤምባሲ ወይም ቆንስላ ስትሄዱ ይህን አስጽፉ። ሦስተኛ፣ የቤቱንና የዛፉን ፎቶ ከነቀኑ ዛሬውኑ አስነሡ፤ ከፈረሰ በኋላ ግምቱን የሚያስተካክል ምስክር ማግኘት ከባድ ነው።

በመጪው ዕረፍታችሁ ቀን ስትደውሉ ከሰላምታ ቀጥሎ ይህን ጠይቁ፦ «ከወረዳ የመጣ ደብዳቤ አለ? የደረሰውስ መቼ ነው?»