ነጥብ ያለው ሒሳብ በመተማ ገበያ

የመተማን ነጋዴ አስርዮሽ በአስርዮሽ እንዲያካፍል ያስገደደው ትምህርት ቤት ሳይሆን ገንዘቡ ራሱ ነው ባይ ነኝ። በ19ኛው ክፍለ ዘመን ከጎንደር በመተማ በኩል ወደ ሱዳን የሚወርደው ቡናና ሰም የሚሸጠው በማርያ ቴሬዛ ብር ነበር። 28 ግራም የሚመዝነው ይህ ጠገራ አይዘረዘርም፤ ለጥቃቅኑ ግብይት አሞሌ ጨው ነበር። በምኒልክ ዘመን አላድ፣ ሩብና ግርሽ የሚባሉ ዝርዝሮች መጡ። «ነጋዴው ያለ ነጥብም ሲያካፍል ኖሯል» የሚል ይኖራል፤ እውነት ነው፣ ግማሽን እያጋመሱ ሩብና ስምንተኛ ላይ ይደረሳል። 65 ሳንቲም ላይ ግን አይደረስም።

በሐምሌ 1937 ዓ.ም አዲሱ የኢትዮጵያ ብር 100 ሳንቲም ሆነ፤ ከድንበር ማዶ በገላባትም ፓውንዱ 100 ቅርሽ ነበር። አንድ ኪሎ ሰሊጥ 0.65 ብር ነው እንበል፤ በ16.25 ብር ስንት ኪሎ ይገዛል? ሁለቱንም በ100 አባዝቶ 1625ን ለ65 ማካፈል ነው፦ 65 በ162 ውስጥ ሁለት ጊዜ፣ ቀሪ 32፤ 5 ሲወርድ 325፣ እሱም ልክ አምስት ጊዜ። መልሱ 25 ኪሎ ነው። አካፋዩን ብቻ ያባዛ ሰው ሩብ ኪሎ ይዞ ይመለሳል።