ወንዙና ደብዳቤው፦ ፍቅር በቬትናም ፊልሞች

በመካከለኛው ቬትናም ቤን ሃይ የሚባል ወንዝ አለ። በወንዙ ላይ የነበረው የሂየን ሉዎንግ ድልድይ ርዝመቱ 178 ሜትር ብቻ ነበር። በጁላይ 1954 የተፈረመው የጄኔቫ ስምምነት (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) አገሪቱን በ17ኛው የኬክሮስ መስመር አካባቢ ለሁለት ሲከፍላት፣ ድልድዩም እኩል ተከፍሎ 89 ሜትሩ ለሰሜን፣ 89 ሜትሩ ለደቡብ ሆነ። በምህንድስና ዐይን ሲመዘን እጅግም የማያስቸግር መሻገሪያ ነበር። በወዲህና በወዲያ ማዶ ለቀሩት ባልና ሚስቶች፣ እጮኞችና ቤተዘመዶች ግን 21 ዓመት የማይዘለቅ መንገድ ሆነባቸው። በ1956 ይካሄዳል የተባለው አገር አቀፍ ምርጫ ሳይካሄድ ቀረ፤ ድልድዩም በ1967 በአሜሪካ የአየር ድብደባ ፈረሰ።

በሰሜን ቬትናም ሲኒማ የመንግሥት ሥራ ሆኖ የተቋቋመው ሆ ቺ ሚን ማርች 15 ቀን 1953 በፈረሙት ድንጋጌ ነው። የዚህ ሲኒማ የመጀመሪያ የልብ ወለድ ፊልም፣ ንጉየን ሆንግ ንጊና ፋም ኪ ናም በ1959 ያዘጋጁት «አንድ ወንዝ የሚጋሩ»፣ ታሪኩን የቀዳው ከዚሁ ከቤን ሃይ ዳርቻ ነበር። ሆዋይና ቫን የሚባሉ፣ በወንዙ ግራና ቀኝ የሚኖሩ ሁለት ወጣቶች ይዋደዳሉ፤ የመለያያው መስመር ግን ሠርጋቸውን ያግዳል። እዚህ ላይ ልብ ሊባል የሚገባው ነገር፣ የፍቅረኞቹ መሰናክል በብዙ አገር ተረት እንደምናውቀው የወላጅ እምቢታ ወይም የሀብት ልዩነት አለመሆኑ ነው። መሰናክሉ የአገር መከፈል ነው። ከዚህ የተነሣ መዋደድ አንድነትን መመኘት፣ መጠበቅም የዜግነት ግዴታን መፈጸም ሆነ። ይህ አተያይ ለጠባቂዋ ሴት ክብር አጐናጽፏታል፤ ዳሩ ግን ምሳሌ አድርጎ በማቆሙ የራሷን ምሬት የምትናገርበትን አንደበት ነፍጓታል።

ከጦርነቱ በኋላ ይህ አመለካከት ቀስ በቀስ ተለወጠ። ንጉየን ሆንግ ሰን በ1979 ያዘጋጀውና በ1981 በሞስኮ ፌስቲቫል የወርቅ ሽልማት ያገኘው «የተተወው ሜዳ» የአንድን ትዳር ኑሮ ያሳየናል። ባልና ሚስቱ በሜኮንግ ዴልታ በጎርፍ በተዋጠ ሜዳ ላይ፣ በጎጆ ውስጥ ሕፃን ልጃቸውን ያሳድጋሉ፤ ይጣላሉ፣ ይታረቃሉ። ሄሊኮፕተር በመጣ ቁጥር ሕፃኑን በፕላስቲክ ከረጢት ከተው አብረውት ውኃ ውስጥ ይሰጥማሉ። በመጨረሻ ባል ይገደላል። ሄሊኮፕተሩም ተመትቶ ሲወድቅ፣ ከሞተው አሜሪካዊ አብራሪ ዘንድ የሚስቱና የልጁ ፎቶግራፍ ይገኛል። በወዲያኛውም ወገን የምትጠብቅ ሴት እንዳለች ፊልሙ ያለ ንግግር ይነግረናል።

ጥያቄውን ከሁሉ ይልቅ ወደ ጥልቀት የወሰደው ግን የዳንግ ንያት ሚን «አሥረኛው ወር ሲመጣ» (1984) ነው። የዚህ አዘጋጅ አባት፣ የወባ ተመራማሪው ሐኪም ዳንግ ቫን ንጉ፣ በ1967 በቦምብ ድብደባ የሞቱ ናቸውና ልጁ ስለ ኀዘን የሚናገረው ከሩቅ ሆኖ አይደለም። ዙየን የምትባል የገጠር ሴት ባሏ በጦር ግንባር መሞቱን ትሰማለች። ለታመሙት አማቷ መርዶውን ማርዳት ስላልቻለች፣ የመንደሩን አስተማሪ በባሏ ስም ደብዳቤ እንዲጽፍላት ትለምነዋለች። አስተማሪው ሲጽፍ ሲጽፍ ፍቅር ያድርበታል፤ መንደሩ ያማቸዋል፤ እርሱም ወደ ሌላ ቦታ ይዛወራል። «ቼው» በሚባለው ባህላዊ የመዝሙር ድራማ ባሏን ወደ ጦር ሜዳ የምትሸኝ ሚስት ሆና ስትጫወት፣ ኀዘኗ ገንፍሎባት መድረኩን ጥላ ትሮጣለች። አገር የምታመሰግነውን የስንብት ትርዒት፣ ስንብቱ የደረሰባት ሴት ልትጫወተው አልቻለችም። የዚህ ፊልም ቁም ነገር ያለው እዚህ ላይ ነው ብዬ አምናለሁ።

የተሐድሶው ፖሊሲ በ1986 ከታወጀ በኋላ፣ ይኸው አዘጋጅ በ1987 «የወንዟ ልጅ» በተሰኘው ፊልሙ ይበልጥ ደፈረ። በሁዌ ከተማ በሽቶ ወንዝ ላይ፣ በጀልባዋ ገላዋን እየሸጠች የምትኖር ሴት፣ ወታደሮች የሚያሳድዱትን አብዮታዊ ደብቃ ታድነዋለች። ከድል በኋላ ባለሥልጣን ሆኖ ስትፈልገው፣ አላውቃትም ይላል። ያንኛው የ1959 ፊልም ወንዙ ካልተከፈለ ፍቅረኞች ይገናኛሉ የሚል ተስፋ ነበረው። በዚህኛው ፊልም ውስጥ ግን ወንዙ ተሻግሯል፤ አገሩም አንድ ሆኗል፤ የተካደው ቃል ነው።

እነዚህ አራት ፊልሞች በ28 ዓመት ውስጥ የተሠሩ ናቸው። የታሪክ መጻሕፍት የቬትናም ጦርነት ኤፕሪል 30 ቀን 1975 አበቃ ብለው ይመዘግባሉ፤ ትክክልም ነው። ፊልሞቹ የሚያስረዱን ደግሞ ለጠባቂዎቹ ሰዎች ጦርነቱ በአንድ ቀን እንደማያበቃ ነው። የፈረሰ ድልድይ ስፋቱ ተለክቶ፣ ብረቱ ተመዝኖ እንደገና ይሠራል። እንደ ሞተው ሰው ሆኖ ደብዳቤ መጻፍ ያስፈለገበትን ቤት ግን መልሶ የሚያቆም ስሌት የለም። አገር ከዜጎቿ ትዕግሥትን በጠየቀች ጊዜ ዕዳ መግባቷን፣ ዕዳውም በሐውልት ብቻ እንደማይከፈል፣ የቬትናም ሲኒማ በፍቅር ታሪክ አማካይነት መዝግቦ አቆይቶልናል።